አሥራ አንድ ደቂቃ

እንጀራዬ ሰርግ ነው፤ ሰው ሲጨፍር ያደረውን
ሌሊት ቁጭ ብዬ እቆርጣለሁ፣ የደበዘዘ የተዛባውን፤
"ሙዚቃ ጨምርበት" ይሉኛል፣ እጨምራለሁ፣
ዝም ያለውን ሁሉ እየለቀምኩ እጥላለሁ።
ቀበሌ አሥራ አራት፣ ከጎሚስታው በላይ፣ አንዲት ጠባብ ክፍል፣
መስኮቷ ግማሹን ለዘንባባው፣ ግማሹን ለባጃጁ የምታካፍል።

በትሁኔ ሰርግ ቀን ካሜራው ሳይጠፋ ወንበር ላይ ተረስቶ፣
ከድንኳኑ ጀርባ የሙሽራዋን አባት ለብቻቸው አግኝቶ፣
አርባ ሰከንድ ቀርጿል፦
አቶ አንለይ የፕላስቲክ ወንበር ይደረድራሉ፣
ደርድረው ሲያበቁ ያፈርሳሉ፣
ደግሞ ይደረድራሉ።
ውስጥ እልልታው ይቀልጣል።
አንለይ ነው ስማቸው፤ ልጃቸውን እየሸኙ ነው።
"ይሄን አውጣው" አለች ትሁኔ፣ "ምንም የለበትም።"
አወጣሁት።
አልጣልኩትም።

ከዚያ ወዲህ ማንም የማይከፍልበትን ሰከንድ ማጠራቀም ያዝኩ፦
"ፈገግ በሉ" ከመባሉ በፊት ያለውን የሚዜዋን ፊት፣
ኬኩ እስኪቆረስ ሙሽራው ጣሪያ የቆጠረበትን ቅጽበት።

አባቴ ደቅ ነው የሚኖረው፣ ከውሃው መሃል።
"ደህና ነህ?"
"ደህና። አንተስ?"
"ደህና። ዝናቡ?"
"ደህና ነው።"
ሠላሳ ሰባት ሰከንድ፤ ስልኩ ቆጥሮ ያሳየኛል።
እናቴ ከሞተች ወዲህ አርባ ሞልቶ አያውቅም።
"ደህና" እኛ ዘንድ የድስት ክዳን ነው፤
ከሥሩ ምን እንደሚንተከተክ ከፍቶ ያየ የለም፣
ሲንቀጠቀጥ እንሰማለን እንጂ አንገልጠውም፣ አንጠይቅም።

በኅዳር ዓይኑን ሊታከም መጣ። ሦስት ቀን እኔ ዘንድ አደረ፣
እሱ አልጋ፣ እኔ መሬት፤
ስለ ጎሚስታው ድምፅ ብቻ ተነጋገርን።
በአራተኛው ቀን ወደቡ ድረስ ሸኘሁት። ጀልባው ዘገየ።
ካሜራዬን ከኋላችን ካለው ግንብ ላይ አስቀምጬ
ሄጄ ከጎኑ ተቀመጥኩ። አልነገርኩትም።
የታሰረው ዓይኑ በእኔ በኩል ነበር።

ፊልሙ ይኸው ነው። ሙዚቃ የለውም።

ጣና። ሁለት ጀርባ።
መሃላቸው ጥቁር ፌስታል፣ መድኃኒትና ሁለት ዳቦ የያዘ።
ንፋስ።
በሦስተኛው ደቂቃ አንድ ይብራ ውሃው ላይ ያርፋል፣
ሐሳቡን ቀይሮ ይነሳል።
ማገዶ የጫነ ታንኳ ያልፋል፤ ቀዛፊው ሰላምታ ይሰጣል፣
ሁለታችንም እጅ እናነሳለን፣ እኩል፣
እንደተነጋገረ ሰው።
ስምንተኛው ላይ አባቴ ጉሮሮውን ይጠርጋል።
እዞራለሁ።
ምንም አይልም።
ዘጠነኛው ላይ
ፌስታሉን ከመሃላችን ያነሳና
በወዲያኛው ጎኑ ያኖረዋል።

በቃ።
ከዚያ በኋላ ክፍተቱ ጠቧል፣ ወይም የጠበበ መስሎኛል፤
ሃያ ጊዜ አይቼዋለሁ፣ በስንት ጣት እንደሆነ ግን አልለካሁም።
ጀልባው ሲደርስ ያልቃል።

በሰኔ፣ በአንዲት ትንሽ አዳራሽ አሳየሁት።
ዘጠኝ ሰው መጣ፣ ሁለቱ ዝናብ ሸሽተው።
"መቼ ነው የሚጀምረው?" አለ አንዱ፣ በአምስተኛው ደቂቃ።
ሳቁ። እኔም ሳቅሁ።
ሲያልቅ ሁለት ሰው አጨበጨበ፣
እርስ በርስ ተያይተው ተዉት።

ሽቦ ጠቅልዬ ቀና ስል
ከኋላ ረድፍ አቶ አንለይ ቀርተዋል፣
ማን እንደነገራቸው እንጃ፣
ወንበር ይደረድራሉ።
ከወዲህ በኩል ጀመርኩላቸው።
መሃል ላይ ስንገናኝ
"ትሁኔስ?" አልኩ።
"ደህና ናት" አሉ፣
ካስተካከሉት አንድ ወንበር መልሰው አውጥተው
ተቀመጡበት።
እኔም አንድ አወጣሁ።
ወዲያው መብራት ጠፋ፤ በዚያ ሰፈር የተለመደ ነው፣
ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል።
አልተነሳንም።